ለጃንጥላ ባለቤቶች በሙሉ

ሰኔ 18 ቀን 2005፣ ማክሰኞ

ሆሳዕና ዛሬ ቁርጡን ነገረችኝ። ሦስተኛው የ«ካፊያ» እትም ወጥቶ ሰው ካላነበበው፣ እርሳሷን አስቀምጣ ጎረቤት ከተማችን ቡሬ፣ ወንድሟ ኪቲላ ሱቅ ትገባለች። ኪቲላ ከፋሲካ ጀምሮ «ነይ፣ ሱቁን ያዢልኝ» እያለ ነው።

«ስንት ሰው ነው ማንበብ ያለበት?» አልኳት። ቁጥሩን ማወቅ ፈልጌ ነው።

«አንድ። ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ያነበበ አንድ ሰው። እናቴና አንተ አትቆጠሩም።»

ለታሪክ እንዲቀር ልጻፈው። «ካፊያ» እኔ እስከማውቀው መቱ ውስጥ የሚታተም ብቸኛው የሥነ ጥበብ መጽሔት ነው። ሥዕሉንም ጽሑፉንም የምትሠራው ሆሳዕና ናት፤ አጸደ ሕፃናት አስተማሪ ናት። ዲዛይኑ የኔ ነው። እኔ ሰይፈ ሚካኤል፣ የትምህርት ቤት ፈተና ማባዣ ክፍል ሠራተኛ ነኝ። ማሽኑ ጥቁርና ሰማያዊ ቀለም ያወጣል። ክረምት ላይ ፈተና ስለሌለ፣ ወረቀቱን ራሳችን ካመጣን ርዕሰ መምህሩ አይተው እንዳላዩ ያልፉናል።

የመጀመሪያው እትም የገጽ ቁጥር አልነበረውም። ቁጥር አንባቢን ያስራል ብዬ አምናለሁ። በሁለተኛው ደግሞ አንዱን ገጽ ቀጥ፣ አንዱን ዘቅዝቄ አተምኩት። አራት ሰዎች «ተበላሽቷል፣ ቀይርልን» ብለው መለሱልኝ። የተረፈውን አከራዬ እትዬ በየነች መናኸሪያው በር ላይ ቆሎ እየጠቀለሉ ጨረሱት። «ወረቀቱ ጠንካራ ነው፣ እግዜር ይስጥህ» አሉኝ። ከአንባቢ ያገኘሁት አስተያየት ይኸው ነው።

ሆሳዕና ብትሄድ የሚጎዳው መጽሔቱ ነው። ሌላ የሚጎዳ የለም።

ሰኔ 23፣ እሑድ

ቀኑን ሙሉ ዝናብ። ከቤት አልወጣሁም። ለሦስተኛው እትም የመጡልኝን ሐሳቦች ልመዝግብ።

ሽፋኑ ከቡና ጆንያ የተቆረጠ ይሆናል። ግጥሙ እንደ ቀንድ አውጣ ቤት እየዞረ ይጻፋል፤ አንባቢው መጽሔቱን አሥራ አንድ ጊዜ ማሽከርከር አለበት። ሞክሬዋለሁ፣ ትንሽ ያዞራል። መሐል ገጽ ላይ ምንም አይኖርም፤ ርዕሱ «ጭጋግ» ነው። አንዱ ገጽ ደግሞ የጡጫ ያህል ቀዳዳ ይኖረዋል፤ አንባቢው በቀዳዳው ዝናቡን ያያል።

እትዬ በየነች በሩን ገፋ አድርገው ገቡና ቀዳዳውን ወረቀት አነሡት። «ይኼን አይጥ ነው የበላው?» አሉ። አስረዳኋቸው። ተናግሬ እስክጨርስ በትዕግሥት ሰሙኝና «ቀዳዳ ከሆነ ለቆሎ አይሆንም» ብለው ወጡ።

ሰኔ 27፣ ሐሙስ

ለሆሳዕና ሐሳቤን አሳየኋት። ወረቀቱን አዟዙራ አየችው። ከዚያ፦

«ሰይፈ፣ የሚነበብ ነገር የት ነው ያለው?»

«ማንበብ እኮ አንድ ዓይነት ብቻ አይደለም» አልኳት።

«እኔ አንዱን ዓይነት ነው የምፈልገው።»

ተናደድኩ። እኔ ለሷ ሥዕል አየር ልስጥ ብዬ ነው የምለፋው፤ እሷ ታጉረመርማለች። ስትሄድ ጃንጥላዋን ረስታ ተመለሰች። እንደገና ስትወጣ ያን ነገር ልነግራት ነበር። የትኛውን ነገር እንደሆነ አሁን ረስቼዋለሁ።

ሐምሌ 3፣ ረቡዕ

ሆሳዕና አንድ ጽሑፍ አመጣች። የመሥሪያ ቤት ደብዳቤ አስመስላ የጻፈችው ቀልድ ነው። እነሆ፦

«የዝናብ ጉዳይ ጽሕፈት ቤት። ለጃንጥላ ባለቤቶች በሙሉ። ጉዳዩ፦ ጃንጥላ ማስመዝገብን ይመለከታል። ከላይ በርዕሱ ለመግለጽ እንደተሞከረው፣ ማንኛውም ጃንጥላ ያለው ሰው የጃንጥላውን ቀለም፣ ዕድሜ፣ የተሰበሩ ሽቦዎቹን ብዛትና ያሳለፈውን ከባድ ዝናብ ይዞ ቀርቦ እስከ ሐምሌ 30 እንዲያስመዘግብ እናሳስባለን። ጃንጥላ የሌለው የሌለውን ያስመዘግባል። ከሠላምታ ጋር። ግልባጭ፦ ለጭጋግ፣ ለነጎድጓድ፣ ለሶር ፏፏቴ።»

ሳቅኩ። እውነቱን ለመናገር ብዙ ሳቅኩ። ግን ጥበብ አይደለም፣ ማሟያ ነው። «መጨረሻ ገጽ ላይ እንከተዋለን» አልኳት።

ሐምሌ 6፣ ቅዳሜ

ደብዳቤውን አቀናበርኩ። ዘጠኝ ዓመት የትምህርት ቤት ደብዳቤ ያባዛሁ ሰው ነኝ፤ ቁጥሩ የት እንደሚቀመጥ፣ ቀኑ የት እንደሚገባ፣ ከ«ጉዳዩ» ሥር መስመሩ ምን ያህል እንደሚወፍር ዓይኔን ጨፍኜ አውቀዋለሁ። ሆሳዕና ክብ ማህተም ሣለች፤ መሐሉ ላይ ጃንጥላ የያዘች እንቁራሪት አለች። በሰማያዊው ቀለም ሲወጣ ቁርጥ ማህተም ሆነ። ከሥሩ ራሷ ፈረመችበት፤ የራሷን ፊርማ።

ከታች በደቃቅ ፊደል «ይህ ደብዳቤ የመጽሔቱ ጨዋታ ነው» የሚል መስመር ጽፋ ነበር። የታችኛውን ኅዳግ፣ የገጹን ባዶ ዳር፣ አጣበበው። አወጣሁት። አሁን ገጹ ይተነፍሳል።

ሐምሌ 11፣ ሐሙስ

ሩጫ ላይ ነኝ። ማሽኑ ጆንያ አልውጥም አለ። በርዕሰ መምህሩ ፊት አስነጠሰው፤ ቃጫው ሁሉ ወጣ። ሽፋኑ በእጅ ይሰፋል።

ልብስ ሰፊው ሊቺ ዘንድ ሄድኩ። መጨረሻው ገጽ ተቀዶ እንዲወጣ ክር በሌለው መርፌ ዳር ዳሩን እንዲወጋልኝ ጠየቅኩት። «ክር ከሌለ ምን ልሰፋ ነው?» አለ። «ቀዳዳ» አልኩት። እጁን ግንባሬ ላይ አድርጎ ትኩሳት እንዳለኝ አየ። ከዚያ ግን መቶ ሃምሳውንም ኮፒ ወጋልኝ።

ሐምሌ 13፣ ቅዳሜ

ወጣ!

ሆሳዕና የመጀመሪያውን ኮፒ ይዛ አገላበጠችው። ግጥሙን ሦስት ጊዜ አዙራ ተወችው። መጨረሻው ገጽ ላይ ስትደርስ ማሽኑ ወረቀት ነከሰ ብዬ ጠራኋት፤ ስለዚህ ዘጋችው። ማሽኑ በእርግጥ ነክሶ ነበር። ማለትም ሊነክስ ነበር።

ሻይ ቤቶች፣ ፀጉር ቤቶች፣ መናኸሪያ፣ ሁሉም ጋ አደረስን። አሁን መጠበቅ ነው።

ሐምሌ 17፣ ረቡዕ

አንድ ሻይ ቤት ውስጥ ሁለት ሰዎች በኛ ቀዳዳ ገጽ ሲጫወቱ አየሁ። አንዱ በቀዳዳው አስተናጋጇን ያያል። ይህም ንባብ ነው ብዬ ለሆሳዕና ነገርኳት። ኪቲላ ደውሎላት ነበር፤ ነሐሴ ከመግባቱ በፊት መጥቶ ይወስዳታል።

ማታ እትዬ በየነች ዘንድ ቆሎ ልገዛ ወጣሁ። በጭጋግ ገጽ ጠቀለሉልኝ። በግጥሙ ከጎኔ ለቆመው ሰው ጠቀለሉ። የመጨረሻውን ገጽ ግን ቀደው ለብቻ እያስቀመጡ ነው።

«እሱንስ?» አልኳቸው።

«አንተ ሰው፣ ማህተም ያለበት ወረቀት ላይ ቆሎ ይደረጋል እንዴ?» አሉ ቆጣ ብለው። «አንዱን ትኬት መቁረጫው ግድግዳ ላይ ለጥፌዋለሁ፤ የቡሬም የዳሪሙም ሰው ይየው። ሌላውን ለሹፌሮቹ ሰጠኋቸው። ቀኑ ደርሷል እኮ፣ ሐምሌ ሠላሳ ነው የሚለው።»

«እትዬ፣ ግልባጩን አይተውታል? ለጭጋግ ነው የሚለው።»

«አየሁት። ዘንድሮ ስንት ዓይነት መሥሪያ ቤት ተከፍቷል፣ እኔ ሁሉንም ላውቅ ነው?»

ያኔ መናገር ነበረብኝ። አሁን ቁጭ ብዬ ሳስበው ያኔ መናገር ነበረብኝ። ሳቄን ይዤ ቆሎዬን ይዤ ገባሁ።

ሐምሌ 22፣ ሰኞ፣ ጠዋት

ቀበሌው በር ላይ ሰልፍ አለ። ሁሉም ጃንጥላ ይዘዋል። ዝናብ የለም።

ያው ቀን፣ ከሰዓት

ቸኩዬ ስለምጽፍ ጽሑፌ ካልተነበበ ይቅርታ። ለማን ይቅርታ እንደምጠይቅ አላውቅም።

ደብዳቤው የት እንደሚመዘገብ አልተናገረም፤ ስለዚህ ሰው ወደ ለመደበት ሄደ። ከሰባ በላይ ይሆናሉ። ጥቁር ጃንጥላ፣ ባለአበባ ጃንጥላ፣ ሽቦው ብቻ የቀረ ጃንጥላ። አንድ ሰውዬ ሰባት ይዘው መጥተዋል፤ የጎረቤቶቻቸውን ጭምር። ከሶር በኩል የመጡ ሁለት ሰዎች ባዶ እጃቸውን ቆመዋል፤ «የሌለው የሌለውን ያስመዘግባል ይላል፣ የሌለንን ልናስመዘግብ ነው» ይላሉ።

የቀበሌው ሊቀመንበር ኦቦ ሞሲሳ ደጃፉ ላይ ወጥተው ወረቀቱን ራቅ፣ ቀረብ እያደረጉ አነበቡት። «የዝናብ ጉዳይ? ከዞን ነው? ለምን በእኛ በኩል አላለፈም?» አሉ። የተናደዱት በመጀመሪያ በዚያ ነበር። ከዚያ ፊርማው ላይ ሲደርሱ ጣታቸውን እዚያ ላይ አሳረፉ። ልጃቸውን የምታስተምረው ሆሳዕና ናት። ያን ፊርማ በየሴሚስተሩ የልጃቸው ካርድ ላይ ያዩታል።

ላኩባትና መጣች። እኔ ቀበሌው ደጃፍ ካለው ዛፍ ሥር ነበርኩ።

«ኦቦ ሞሲሳ፣ ጨዋታ ነው። ከታች ጽፌያለሁ» አለች። ወረቀቱን ተቀበለችና ከታች ፈለገች። ገለበጠችው። ከኋላ ፈለገች። ቀና ስትል ዓይኗ ከሰው ሁሉ መሐል እኔን አገኘኝ።

«ሰይፈ፣ መስመሩ የታለ?»

«ማሽኑ» አልኩ። «ማሽኑ አንዳንዴ ከታች ይቆርጣል።»

እንዲህ አልኩ። ዘጠኝ ዓመት ያገለገለኝን ማሽን።

ኦቦ ሞሲሳ «ማህተም ማስመሰል ቀላል ነገር አይደለም፣ ልጄ። ሰው ከዳሪሙ በእግሩ መጥቷል። ነገ ጠዋት ነይና ተጠያቂ ማን እንደሆነ በጽሑፍ ትሰጪኛለሽ» አሏት። እሷም «እሺ» አለች። ስለ እኔ አንድ ቃል አልተናገረችም።

ሐምሌ 23፣ ማክሰኞ

እንቅልፍ አልወሰደኝም። ሌሊቱን ሙሉ ከራሴ ጋር ስለ ኅዳግ ስከራከር ነበር። አንድ መስመር ያስወጣሁት ገጹ እንዲያምር ነው። አምሮ ነበር። እሷ ግን ቀበሌ ቆማ ትጠየቃለች፤ እኔ ደግሞ ፈሪ ነኝ። ለዚህ ሌላ ቃል ፈልጌ አጣሁ።

ሁለት ሰዓት ላይ ሄድኩ። ሰልፉ ከትናንቱ በዝቷል፤ ደብዳቤው ቡሬ ደርሷል ማለት ነው። በሰው መሐል አልፌ ኦቦ ሞሲሳ ፊት ቆምኩ። ሆሳዕና እስክሪብቶ ይዛ መጻፍ ጀምራ ነበር።

«መስመሩን ያወጣሁት እኔ ነኝ» አልኩ። «ማሽኑ አይደለም። ጨዋታ መሆኑን ጽፋ ነበር። ገጹን አጣበበብኝ ብዬ አወጣሁት።»

«ምኑን አጣበበው?» አሉ ኦቦ ሞሲሳ።

«ኅዳጉን።»

«ኅዳጉን።» ቃሉን ደግመው ሰልፉን አዩት። «ይህ ሁሉ ሰው እዚህ የቆመው ኅዳግ ሰፋ እንዲል ነው?»

«አዎ ጌታዬ።»

ሆሳዕና አላየችኝም። ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር። ኦቦ ሞሲሳ ወጥተው ለሰዉ በአማርኛም በኦሮምኛም አስረዱ፤ ጨዋታ ነው፣ ወደ ቤታችሁ ሂዱ። ማንም አልተንቀሳቀሰም።

አንዲት ሽማግሌ ሴት፣ አዴ ቀኖ ይባላሉ፣ ከዳሪሙ ሲነጋጋ ተነሥተው የመጡ፣ የኮባ ቅጠል ደፍተው ወደ ፊት ወጡ። «ጨዋታም ከሆነ መጫወት ነው» አሉ። «እኔ ማንበብ አልችልም፤ የልጄ ልጅ ሦስት ጊዜ አንብቦልኛል። ስንት ዝናብ አሳለፈ ብሎ የጠየቀኝ ወረቀት እስከ ዛሬ አላጋጠመኝም። ልናገር ነው የመጣሁት። ሳልናገር አልሄድም።»

ከኋላ «ኤ! እውነት ነው!» የሚል ድምፅ ተነሣ። ሰባት ጃንጥላ የያዙት ሰውዬም «ጎረቤቶቼን ምን ልላቸው ነው?» አሉ።

ኦቦ ሞሲሳ ግንባራቸውን አሹ። በመጨረሻ ከመዝገብ ቤት ትልቅ መዝገብ አስመጡና ሆሳዕና ፊት አኖሩት። «በይ፣ ጀምረሽዋል፣ ጨርሺው። ሰዉ እስኪያልቅ መዝግቢ። በዚህ መዝገብ ላይ ግን ማህተም የሚባል እንዳላይ።»

እኔ ወንበር ስቤ ከጎኗ ልቀመጥ ስል ቀና ሳትል «እዚህ አትቀመጥ» አለችኝ። የቀበሌው ጸሐፊ ነፃነት ከሌላ በኩል ተቀመጠችና መስመር ማስመር ጀመረች። የኔ ወንበር ባዶውን ቀረ።

ሐምሌ 24፣ ረቡዕ

ዛፉ ሥር ሆኜ አየሁ።

የዕውቀት እጥረት የለብኝም፤ ስለ ገጽ አቀማመጥ ብዙ አንብቤአለሁ። ግን እንዲህ ያለ ገጽ አይቼ አላውቅም። ነፃነት ስም፣ ቀለም፣ ዕድሜ፣ የተሰበረ ሽቦ እያለች ትጽፋለች፤ ሆሳዕና ከጎኑ ጃንጥላውን ትስላለች። እያንዳንዱን። ሰዉ ይናገራል። አንዱ ጃንጥላውን የገዛው ለሠርጉ ነው፤ ሚስቱ ሄዳለች፣ ጃንጥላው አለ። አንዷ የቡና ለቀማ ላይ ልጇን የወለደችው በዚህ ሥር ነው። ከሶር የመጡት ሁለት ሰዎች የሌላቸውን ጃንጥላ አስረዱ፤ ጥቁር ቢሆን፣ እጀታው የእንጨት ቢሆን፣ ለሁለት የሚበቃ። ሆሳዕና ሣለችላቸው። አዩትና እርስ በእርሳቸው ተያዩ።

የአዴ ቀኖ ቅጠል ትናንት ተመዝግቧል። ዛሬ ግን ሌላ ቅጠል ይዘው ተመልሰው መጡ። ትናንት ማታ ዘመድ ቤት አድረው ነው። «ማሎ ኢንተላ ኮ፣ እባክሽ ልጄ» አሏት፣ «የትናንቱን አፍርሺው፣ ቀዳዳዋን ረስተሻታል። እዚህ ጋ ናት። ውኃው በዚህ ነው አንገቴ ላይ የሚገባው።» ሆሳዕና አፈረሰችና እንደገና ሣለች። ቀዳዳዋንም ሣለች። አዴ ቀኖ ፊታቸውን ወረቀቱ ላይ አስጠግተው «ኤ፣ እሷው ናት» አሉ።

የሆሳዕናን ፊት አየሁት። አንድ አንባቢ ብቻ ነበር የፈለገችው። ዓይኔ እንባ ሞላ፤ አልደብቅም። አጠገቤ የቆሙት ሰውዬ «ጉንፋን ነው?» አሉኝ። አዎ አልኩ።

የኔ ሽክርክር ግጥም ከሰልፉ መሐል አንድ ሰው እጅ ላይ ነበር። ዝናብ ሲጀምር ራሱ ላይ ደፋው።

ሐምሌ 26፣ ዓርብ

የመጨረሻው ቀን፤ ኦቦ ሞሲሳ መዝገቡ ሠላሳን ሳይጠብቅ ዛሬ ይዘጋ ብለዋል። ሆሳዕና ሳታናግረኝ አራተኛ ቀኗ ነው። ላናግራት ብሄድ «ወረፋህን ጠብቅ» አሉኝ ሰዎቹ። ስለዚህ ጃንጥላዬን ይዤ ተሰለፍኩ። ለሦስት ሰዓት ያህል ቆምኩ።

ከፊቴ ያለው ሰው ዞር ሲል ኪቲላ ነው! ከቡሬ የመጣው እህቱን ሊወስድ ነው፤ ወንድሟ ነኝ ቢልም የሚያሳልፈው አጥቶ ተሰልፏል። እሱም ጃንጥላ ይዟል። አሮጌ ነው።

«አንተ ነህ አሉ ኅዳጉን ያሰፋኸው» አለኝ።

«እኔ ነኝ።»

ተራው ሲደርስ ጠረጴዛው ላይ ተደገፈና «ሆሲ፣ ዕቃሽን ሰብስቢ፣ መኪናው እየጠበቀን ነው» አላት።

ሆሳዕና ጃንጥላውን ከእጁ ወሰደች። ከፈተችው። «ዕድሜ?»

«ምን?»

«የጃንጥላው ዕድሜ።»

ኪቲላ ግራ ተጋባ። «የአባባ ነው እኮ» አለ ቀስ ብሎ። «አባባ ከሞቱ በኋላ ነው እኔ ጋ የቀረው። ይቺን ሽቦ ያጣመሟት እሳቸው ናቸው፤ ጅብ ሲያባርሩ።» እየተናገረ ተቀመጠ። በባዶው ወንበር ላይ አልነበረም፤ ጠረጴዛው ጠርዝ ላይ። እሷ እየሣለች፣ እሱ እያየ፣ ስለ ጅቡ ሁሉንም ነገራት። ስትጨርስ ሥዕሉን ብዙ ጊዜ ተመለከተው። ከዚያ «እንግዲህ እንሂድ?» አላት። ድምፁ ግን እንደ ቅድሙ አልነበረም።

ሆሳዕና ጃንጥላውን አጥፋ በሁለት እጇ መለሰችለት። በትከሻው ላይ አሻግራ ወደ ሰልፉ አየች።

«ተረኛ!» አለች።

ኪቲላ ትንሽ ቆመ። ሳቀ፣ ራሱን ነቀነቀ፣ ሄደ።

ተረኛው እኔ ነበርኩ።

ጃንጥላዬን አስቀመጥኩ። ነፃነት «ቀለም?» አለች። ጥቁር። «ዕድሜ?» ሁለት ዓመት። «የተሰበረ ሽቦ?» የለም። «ያሳለፈው ከባድ ዝናብ?»

አራት ቀን ያዘጋጀሁት የይቅርታ ንግግር ነበረኝ። ሦስት ክፍል ነበረው። ሁሉም ጠፋብኝ።

«ሆሳዕና» አልኩ፣ «ቡሬ እንዳትሄጂ የፈለግኩት ለመጽሔቱ ብዬ አይደለም። ለራሴ ነው። ስለምወድሽ ነው። ይቅርታ አድርጊልኝ።»

ነፃነት እስክሪብቶዋን አነሣች። ሆሳዕና ጃንጥላዬን ሥላ እስክትጨርስ ቀና አላለችም። ከዚያ መዝገቡን ወደ ራሷ አዞረችው።

«ይኼ በየትኛው ዓምድ ነው የሚገባው?» አለችኝ።

«ምርመራ የሚለው ባዶ ነው» አልኩ።

ጎንበስ ብላ እዚያ ላይ ጻፈች። ምን እንደጻፈች ለማየት ስሞክር በክንዷ ሸፈነችው። «ተረኛ!» ብላ ተጣራች፤ ሰባት ጃንጥላ ያመጡት ሰውዬ ከኋላዬ የመጨረሻውን ይዘው ገፋ አደረጉኝ። ከሰልፉ ልወጣ ስል ሆሳዕና ባዶውን ወንበር በእግሯ ወደ እኔ ገፋችው።

ተቀመጥኩ። እስከ አሥራ አንድ ሰዓት ሽቦ ስቆጥር ዋልኩ።